ስምንት እጥፍ

ሙንዚር ዊዳድን ያወቃት ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሚወርድ ሚኒባስ ውስጥ፣ በአንድ ጥቅል ጨርቅ ሰበብ ነው።

ጥቅሉ ከእሷ ቁመት ይበልጣል። አቁማ ልታስገባው ብትሞክር ጣሪያው ከለከላት፤ ስታጋድመው ደግሞ ሦስት ተሳፋሪ ላይ ተኛ። ረዳቱ በሩን እንደያዘ አየውና፣ «እህቴ፣ ይሄ ሰውዬሽ የራሱ ወንበር ያስፈልገዋል» አላት።

«አይጮህም፣ አይጨቃጨቅም፤ ካንተ ይሻላል» አለች።

ተሳፋሪው ሳቀ። መስኮት ጥግ የተቀመጠው ሙንዚር የጥቅሉን አንድ ጫፍ ተቀብሎ ጉልበቱ ላይ አሳረፈ። እሷም ሌላውን ጫፍ ይዛ ተቀመጠች። በመካከላቸው ዶሮ የታቀፉ አንዲት እናት ነበሩ። የሐረጎን ጠመዝማዛ መንገድ ሲጀምሩ ሙንዚር ወደ እሷ ዞረ።

«ለሠርግ ነው?» አላት።

«ለሠርግ ነው። ለህንዶች።»

«ለአሞልና ለሚናል?»

ዞር ብላ አየችው። «ታውቃቸዋለህ?»

«አሞል አለቃዬ ነው። ከዲኮር ቤት የምትመጣውን ሰው ተቀብለህ አስተርጉም ብሎኛል።»

«እንግዲያው እየተቀበልከኝ ነው» አለች፣ በእጁ ያለውን ጫፍ እያየች።

ሙንዚር ሃያ ሰባት ዓመቱ ነው። የቦሩ ሜዳ ገበሬ ልጅ ሲሆን ምህንድስና ተምሮ ኮምቦልቻ ባለ አንድ የልብስ ፋብሪካ በጥገና ክፍል ይሠራል። አሞልና እጮኛው ሚናል ሁለቱም ፑኔ ከምትባል የህንድ ከተማ መጥተው በዚያው ፋብሪካ ተቀጥረዋል። ሠርጋቸውን አገራቸው ሊያደርጉ አስበው ነበር። ነገር ግን ከቀን መቁጠሪያቸው ተሰልቶ የወጣላቸው መልካም ቀን በሰኔ መጨረሻ ዋለ፤ ፋብሪካው በዚያ ሳምንት ለሁለቱም አንድ ላይ ፈቃድ ሊሰጥ አልቻለም። ያ ቀን ካለፈ ደግሞ አራት ወር ሙሉ ሠርግ የማይሠረግበት ጊዜ ይገባል። ስለዚህ እዚሁ በፋብሪካው የሠራተኞች ግቢ እንዲጋቡ፣ ወላጆቻቸውም በስልክ እያዩ እንዲመርቁ ተወሰነ።

ዊዳድ ሃያ አምስት ዓመቷ ነው። ደሴ ሰኞ ገበያ አጠገብ ከጓደኛዋ ከፋኢዛ ጋር የሠርግ ዲኮር ትሠራለች። የህንድ ሠርግ በፊልም ካየችው በቀር አታውቅም ነበር።

ጥቅሉ ሚናል ፊት ተፈታ። ጨርቁ የጦሳ ተራራን የሚሸፍነውን ጉም የመሰለ ነጭ ነው። ሚናል ፈገግታዋን ሳታጠፋ ዝም አለች። ዊዳድ ይህን ዓይነት ዝምታ ከደንበኞቿ ታውቀዋለች።

«አልወደደችውም» አለች።

ሙንዚር በእንግሊዝኛ ጠይቆ ተመለሰ። «ጨርቁን ወዳዋለች። ግን በእነሱ ዘንድ ነጭ የሐዘን ነው፤ ባሏ የሞተባት ሴት የምትለብሰው ነው። ለሙሽራ ቀይ፣ ቢጫ፣ አረንጓዴ ነው የሚሆነው።»

ዊዳድ ጨርቁን እንደ አዲስ አየችው። «ያረቢ። ለቅሶ ቤት ልሠራላት ነበር እንዴ?»

ሚናል ምን እንዳለች ጠየቀች። ሙንዚር በትርጉም ላይ ጠንቃቃ ስለሆነ ቃል በቃል ነገራት። ሚናል እንባዋ እስኪመጣ ሳቀች። ሁለቱ ሴቶች ከዚያች ቀን ጀምሮ ተዋደዱ።

ዊዳድ ማስታወሻ ደብተር አወጣች። «ስማ፤ ከእንግዲህ የአንድን ነገር ትርጉም ሳልሰማ አልሰፋም፣ አልሰቅልም። አንተ ትጠይቃለህ፣ ትነግረኛለህ።»

«እሺ።»

«ሁሉንም።»

«ሁሉንም» አለ።

ሁሉንም አልነገራትም። ይህ የታወቀው ግን በሠርጉ ዕለት ነው።

ሦስት ሳምንት እንዲህ ተመላለሱ። እሷ ትጠይቃለች፣ እሱ ከሚናል ሰምቶ ያስረዳታል፤ እሷ ትጽፋለች።

ሙሽሮቹ የሚቀመጡበት ዳስ አራት ምሰሶ አለው። «አራቱ ምሰሶ አራቱ ወላጆች ናቸው» አላት። «የእሱ አባትና እናት፣ የእሷ አባትና እናት። ጣሪያው የሚያርፈው በእነሱ ላይ ነው።»

«ወላጆቹ ግን ፑኔ ናቸው።»

«ለዚህ ነው ምሰሶው ጠንካራ መሆን ያለበት።»

በሩ ላይ የማንጎ ቅጠል በክር ተሰክቶ ይንጠለጠላል፤ ቤቱ እንዲለመልም ነው። ከሠርጉ በፊት ሙሽሮቹ ፊትና እጃቸውን እርድ ይቀባሉ፤ ገላን ያጠራል፣ ከክፉ ዓይንም ይጠብቃል ይባላል።

«እኛ ወጥ ውስጥ እንጨርሰዋለን» አለች ፋኢዛ። «ለዚህ ነው እኔን ክፉ ዓይን የበላኝ።»

በዳሱ መካከል እሳት ይነድዳል። «እሳቱ ምስክር ነው» አለ ሙንዚር። «ሰው ይረሳል፣ እሳት ግን አይዋሽም ይላሉ።»

«እኛ ለኒካህ ሁለት ሰው ነው የምናስመሰክረው» አለች ዊዳድ። «ሰው ቢረሳም ሲጣሉ ያስታርቃል። እሳት ምን ያስታርቃል?»

ሙንዚር ጥቂት አሰበና ሁለቱም እውነት ነው አለ። ብዙ ጊዜ ሁለቱም እውነት ነው ይል ነበር። ፋኢዛ በዚህ ታበሽቀዋለች፤ አንድ ቀን ሁለት ቀይ ክር አንስታ «የትኛው ይሻላል?» ብትለው እያገላበጠ አይቶ፣ «እንደ አስፈላጊነቱ» አላት።

«ያ አላህ፣ ይሄ ሚስቱን መርጦ ሳይጨርስ የልጅ ልጆቹ ይደርሱበታል» አለች ፋኢዛ። ዊዳድ ሳቋን ለመደበቅ ወደ ስፌት መኪናዋ ጎነበሰች።

የመጨረሻው ሥርዓት ሰባቱ እርምጃ ነው። በእሳቱ አጠገብ ሰባት ትናንሽ የሩዝ ክምር ይደረጋል፤ ሙሽራዋ ከሙሽራው ጋር አንድ በአንድ እየረገጠች ታልፋለች።

«አንደኛው ለምግብ ነው» አለ። «ሁለተኛው ለብርታት፣ ሦስተኛው ለሀብት፣ አራተኛው ለደስታ፣ አምስተኛው ለልጆች። ስድስተኛው ክረምትና በጋው በሰላም እንዲፈራረቅላቸው።»

«ሰባተኛውስ?»

«ለጓደኝነት። ሰባት እርምጃ አብረሽኝ ሄደሻል፣ እንግዲህ ወዳጄ ነሽ፣ ይላታል።»

ብዕሯ ቆመ። «ጓደኝነት መጨረሻ ላይ?»

«መጨረሻ ላይ።»

«እኔ ብሆን መጀመሪያ ላይ ነበር የማደርገው» አለችና ጻፈችው። ሙንዚር ጽሕፈቷን ሲመለከት ቆየ። ቀና ስትል ዓይኑን አላሸሸም።

በዚያ ወር ሙንዚር ቅዳሜ ቅዳሜ ብቻ ሳይሆን በሥራ ቀንም ከሥራ መልስ በሚኒባስ አብሯት ወደ ደሴ ይወጣ ነበር። ቤተሰብ ልጠይቅ ቦሩ ሜዳ እየሄድኩ ነው ይላል። ፋኢዛ በጣቷ ትቆጥራለች። «በዚህ ሳምንት ብቻ ቦሩ ሜዳ አራት ጊዜ ናፈቀችው።»

የዊዳድ አባት ጀማሉዲን ጡረታ የወጡ ሾፌር ናቸው። ሥራውን ከመጀመሯ በፊት አስፈቅዳቸው ነበር።

«አባዬ፣ እሳት አለበት። የእነሱ ጸሎትም አለበት።»

«እሳቱን የምትለኩሺው አንቺ ነሽ?»

«አይደለሁም።»

«ጸሎቱንስ?»

«እሱንም አይደለሁም።»

«እንግዲያው ዳሳቸውን አስጊጪላቸው። እኔ በአሰብ መንገድ ያን ሁሉ ዘመን ጨው ስጭን፣ የማንን ወጥ እንደሚያጣፍጥ ጠይቄ አላውቅም።»

ከሠርጉ ሳምንት ቀደም ብሎ ደግሞ ሌላ ነገር ነገሯት። ሰኞ ገበያ ጨርቅ የሚነግደው ሸረፈዲን፣ አርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ሽማግሌ ልልክ ብሎ አስጠይቋል። አርብ የህንዶቹ ሠርግ ማግስት ነው። ዊዳድ ሸረፈዲንን ታውቀዋለች፤ ጨርቅ የምትገዛው ከእሱ ነው። ሜትሩን የማያጎድል፣ ድምፁን ከፍ የማያደርግ ሰው ነው።

«የምትዪኝ ካለ ከአርብ በፊት በዪኝ» አሉ አባቷ።

የምትለው ነበራት። ነገር ግን መጀመሪያ መናገር የነበረበት ሌላ ሰው ነው፤ ያልተጠየቀችውን እሺ ብላ ለአባቷ ልትነግራቸው አትችልም።

ነገሩን ለሙንዚር ያደረሰችው ፋኢዛ ናት። ሆን ብላ፣ ረጋ ብላ ነገረችው። «አርብ ለዊዳድ ሽማግሌ ሊመጣ ነው። ከሸረፈዲን።»

ሙንዚር በእጁ የያዘውን መዶሻ አስቀመጠ። ቆይቶ፣ «ሸረፈዲን ጥሩ ሰው ነው» አለ።

ፋኢዛ ይህን ለዊዳድ ስትነግራት ወላሂ ብላ ማለች፤ ያለዚያ አታምናትም ነበር።

ሙንዚር ይህን ያለው ግድ ስለሌለው አይደለም። ታላቅ ወንድሙ ጁነይድ ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው፤ እርሻውን ይዞ እሱን ያስተማረው ጁነይድ ነው፣ እስካሁንም አላገባም። በእነሱ ቤት ታናሽ ታላቁን ቀድሞ አያገባም። ወንድሜ መቼ እንደሚያገባ ሳላውቅ አንዲትን ልጅ ጠብቂኝ ብዬ ማሰር ፍትሕ አይደለም፣ ብሎ አመነ። ሸረፈዲንን ማጥላላትም ፍትሕ አይደለም። ስለዚህ ለሁሉም ፍትሐዊ የሚሆነው ዝም ማለት መሰለው።

በዚያው ቀን አንድ ተጨማሪ ነገር ነበር። ሚናል አንድ መጋረጃ እንደሚያስፈልግ ነግራው ለዊዳድ ደወለ። «በሙሽሮቹ መካከል የሚያዝ ነው። መልካሙ ሰዓት እስኪደርስ ይያዝና ከዚያ ይወርዳል።»

«ከምን ይሠራ?»

«ነጭና ጥቁር አይሁን እንጂ እንደፈለግሽ።»

አንድ የስፌት መኪና ተበላሽቶ ሰዎች ሲጠሩት ስልኩን ዘጋ።

ዊዳድ ወደ ሸረፈዲን ሱቅ ሄደች። ካለህ ሁሉ ስስ የሆነውን፣ ቀይ፣ አለችው። ሸረፈዲን መደርደሪያውን ሁሉ አገላብጦ ቱል የሚባለውን ስስ ጨርቅ መረጠላት። ስድስት ሜትር በሁለት ሜትር አድርጋ ሰፋችው፤ በዳር በዳሩ ዶቃ ሰካችበት። ፋኢዛ ስታየው ማሻአላህ አለች። በእርግጥም ያን ያህል የሚያምር ጨርቅ ሠርታ አታውቅም።

ሐሙስ ረፋድ ላይ ዝናቡ ቆሞ ነበር። አሞል ሰዓቱን ደጋግሞ ያያል። መልካሙ ደቂቃ አራት ሰዓት ከአርባ ሰባት ላይ ነው፤ ሥርዓቱን የሚመሩት ጆሺ የተባሉ አዲስ አበባ የሚኖሩ አዛውንት የሒሳብ መምህር ስለነበሩ ደቂቃ አይምሩም። መጋረጃውን እንዲይዙ የታሰቡት የሚናል አጎት ከአዲስ አበባ ሲመጡ የጭነት መኪና ተገልብጦ መንገዱ ስለተዘጋ ገና አልደረሱም።

ጆሺ ጨርቁን አስዘርግተው ተመለከቱት። በጨርቁ ውስጥ፣ ከወዲያ በኩል የቆመችውን ዊዳድን አዩአት። በእንግሊዝኛ አንድ ነገር አሉ።

«ምን አሉ?» አለች ዊዳድ።

ሙንዚር ጨርቁን በጣቱ ዳሰሰ። «አየኋት አሉ።»

«አዎ፣ ያሳያል። ስስ ነው።»

«መጋረጃው እንዳይተያዩ ነው» አለ። «ሰዓቱ እስኪደርስ እሱ እሷን ማየት የለበትም፣ እሷም እሱን። ሲወርድ ነው እንደ አዲስ የሚተያዩት።»

ዊዳድ ጨርቁን አየች፣ እሱን አየች። «ይሄን ለምን አልነገርከኝም?»

«መጋረጃ ስልሽ… የሚሸፍን ነገር…»

«እኔ በሳምንት አሥር መጋረጃ እሰፋለሁ፤ አንዱም ምንም አይሸፍንም» አለች። ድምፅዋ ከፍ አላለም። «አንተ የምታውቀውን ሳትናገር፣ ሰው ሁሉ ያወቀልህ ይመስልሃል።»

ግማሽ ሰዓት ያህል ነበራቸው። ፋብሪካው ሙሉ ጨርቅ ነው፤ በዚያ ወር የሚሰፋው ግን ጥቁርና ነጭ ብቻ ነበር።

ዊዳድ ጨርቁን መሬት አላስነካችውም። በርዝመቱ አንድ ጊዜ አጠፈችው፤ ስድስቱ ሜትር ሦስት ሆነ። እጇን ከኋላው አደረገች፣ ይታያል። እንደገና አጠፈችው፣ አንድ ተኩል ሆነ። ጣቶቿ እንደ ጥላ ይታያሉ። ከዚያ በቁመቱ አጠፈችው። ስምንት እጥፍ። እጇ ጠፋ። ቀዩ ቀለም ጠቆር ብሎ እንደ ሮማን ፍሬ ሆነ።

«መርፌ» አለች። ፋኢዛ በአንድ በኩል፣ እሷ በሌላው ዳር ዳሩን በሰፋፊ ስፌት አያያዙት።

ጆሺ እንደገና አዩትና ራሳቸውን ነቀነቁ። «ከሙሽራው ወገን አንድ ሰው፣ ከሙሽራዋ ወገን አንድ ሰው ይያዘው» አሉ።

አሞል ወደ ሙንዚር ጠቆመ። «እዚህ ወንድሜ እሱ ነው።» ሚናል ደግሞ በእርድ ቢጫ የሆነ እጇን ዘርግታ ዊዳድን ያዘቻት። በእጇ ላይ የደረደረችው አረንጓዴ አምባር ተንሿሿ።

ዊዳድ ወደ ሙንዚር ዞረች። «ጠይቃቸው። መያዙ ጸሎት ነው?»

ጠየቃቸው። ሽማግሌው ፈገግ አሉ። «ጸሎቱ የእኔ ሥራ ነው። ከእናንተ የምፈልገው ክንድ ብቻ ነው፤ ዝቅ እንዳይል።»

ጨርቁ መጀመሪያ እንደተሰፋው ቢሆን ኖሮ ያዦቹ ስድስት ሜትር ተራርቀው ይቆሙ ነበር። አሁን በመካከላቸው ያለው አንድ ሜትር ተኩል ነው። ከጨርቁ በአንድ በኩል አሞል፣ በሌላ በኩል ሚናል ቆመዋል፤ አይተያዩም። ጫፍና ጫፉን የያዙት ሁለቱ ግን ፊት ለፊት ናቸው። የሚያዩት ሌላ ነገር የላቸውም።

ጆሺ ምርቃቱን በዜማ ጀመሩ። ስምንት አንጓ ነው፤ በየአንጓው መጨረሻ እንግዳው ሁሉ በእርድ የታሸ ሩዝ በሙሽሮቹ ላይ ይበትናል።

በሁለተኛው አንጓ ላይ ሙንዚር፣ «ይከብዳል?» አለ በለሆሳስ።

«ዶቃው ስምንት ቦታ ተደርቧል።»

ሩዝ ተበተነ። ጥቂቱ ሻርፗ ላይ አረፈ።

«ሸረፈዲን ጥሩ ሰው ነው አልክ አሉ» አለች።

«ጥሩ ሰው ነው።»

«አውቃለሁ። አንተን ግን ማን ጠየቀህ?»

ከአጠገባቸው ከቆሙት መካከል አማርኛ የሚሰሙት ጥቂት ናቸው፤ እነሱም ስልካቸውን ከፍ አድርገው ይቀርጻሉ።

«አያ ጁነይድ አላገባም» አለ በአራተኛው አንጓ ላይ። «እሱ ሳያገባ እኔ አላገባም። መቼ እንደሚሆን አላውቅም። በማላውቀው ነገር ጠብቂኝ ማለት ፍትሕ አልመሰለኝም።»

«ለማን?»

«ለአንቺ።»

«ለእኔ ፍትሐዊ የሆንከው ሳታማክረኝ ነው?» አለች። «ለወንድምህ አሰብክ፣ ለሸረፈዲን አሰብክ፤ ጥሩ። እኔ እሺም እምቢም የምልበትን ነገር ግን አልሰጠኸኝም። መጋረጃው ላይ ያደረግከውን ነው እዚህም ያደረግከው።»

የእሱ ጫፍ ዝቅ አለ። ጆሺ ዜማቸውን ሳያቋርጡ ቅንድባቸውን አነሱ፤ ሙንዚር ክንዱን ቀና አደረገ። ስድስተኛው አንጓ አለቀ። ሩዙ እንደገና ዘነበ።

«ሰዓቱ ካለፈ አራት ወር ነው አይደል?» አለች። «ለእነሱ አራት ወር ነው። ለእኛ ነገ አርብ ነው።»

ሰባተኛው አንጓ አልቆ የመጨረሻው፣ ስምንተኛው፣ ተጀመረ።

«ዊዳድ።»

«ወይ።»

«ነገ አባቴንና ሽማግሌዎችን ይዤ ብመጣ…» ቆመ። ከዚያ ሐረጉን ትቶ እንደገና ጀመረ። «ታገቢኛለሽ?»

ከንፈሯ ተከፈተ። በዚያች ቅጽበት ጆሺ ዜማውን ጨርሰው እጃቸውን ወደ ታች አደረጉ፤ አራት ሰዓት ከአርባ ሰባት ነበር። ጨርቁ ወረደ። እንግዳው በጭብጨባ፣ የፋብሪካው ሴቶች በእልልታ አንድ ላይ ተነሡ። አሞልና ሚናል ተያዩ። በየቀኑ አንድ መሥሪያ ቤት የሚውሉ ሰዎች ናቸው፤ ሆኖም አሞል ለጥቂት ጊዜ የአበባ ጉንጉኑን በአንገቷ ማጥለቁን ረስቶ ቆመ።

ዊዳድ መልስ ሳትሰጥ የሙሽራዋን ቀሚስ ልታቃና ተጠራች።

አጎትየው የእህታቸውን ልጅ እጅ ለሙሽራው ለሚሰጡበት ሥርዓት ደረሱ፤ ጫማቸው ጭቃ ነበር። የሙሽራው ነጠላና የሙሽራዋ ቀሚስ ጫፍ ለጫፍ ተቋጠረ። ሰባቱን ክምር አንድ በአንድ ረገጡ። ሰባተኛውን ሲያልፉ ዊዳድ ቀና ብላ ሙንዚርን ፈለገች። አልነበረም።

ሙንዚር ቦሩ ሜዳ የደረሰው ከአስር ሶላት በኋላ ነው። ጁነይድ ማሳው ውስጥ የዝናብ ውኃ መውረጃ ይቀድ ነበር። ሙንዚር እዚያው ቦይ ዳር ቆሞ ሁሉንም ነገረው። ጁነይድ ዶማውን ተደግፎ እስከ መጨረሻው አዳመጠ።

«እኔን ስትጠብቅ ነበር?»

«አዎ፣ አያ።»

«ጠብቀኝ አልኩህ?»

«አላልክም። የቤታችን ልማድ ስለሆነ…»

«ልማዱ ታላቅህን ሳታስፈቅድ አታግባ ነው። ታዲያ ምነው አትጠይቀኝም?» አለ ጁነይድ። «እኔ እኮ አንተ ቦታህን እስክትይዝ ነበር የምጠብቀው። ሁለታችንም ዝም ብለን ስንጠባበቅ አባታችን ያለ ልጅ ልጅ ሊያረጁ ነው።» ዶማውን ከጭቃው ነቀለ። «ልጅቷስ ምን አለች?»

«አልመለሰችም። ጨርቁ ወረደ።»

ጁነይድ ይህኛው አልገባውም፤ ቢሆንም አባቱን ሊነግር ወደ ቤት ሄደ።

አርብ ከጁምዓ በኋላ የሸረፈዲን ሽማግሌዎች በጀማሉዲን ሳሎን ተቀምጠው፣ ሰላምታው አልቆ ገና ወደ ጉዳዩ ሲገቡ በሩ ተንኳኳ። ከቦሩ ሜዳ የሙንዚር አባት፣ ጁነይድና ሁለት ሽማግሌዎች ነበሩ። አሰላሙ አለይኩም ብለው ገቡ፤ ሌሎቹም መለሱላቸው። ቦታ ተለቀቀ። ሁለቱም ወገን ለምን እንደመጣ ሲነጋገር፣ ለጥቂት ጊዜ ሁሉም ምንጣፉን አየ።

ዊዳድ በውስጠኛው ክፍል ናት። በሩ ላይ የተሰቀለው መጋረጃ ወፍራም ነው፤ እሱ ይሸፍናል። እጇ ሥራ ስለፈለገ የትናንቱን ጨርቅ ስፌት በመቀስ እየፈታች ነበር። የመቀሱ ቅጭ ቅጭ ሳሎን ድረስ ይሰማል።

«እኔ ሾፌር ነኝ» አሉ ጀማሉዲን። «ሁለት መኪና ጠባብ ዳገት ላይ ቢገናኙ፣ ሽቅብ ለሚወጣው ይለቀቃል። እዚህ ግን ሽቅብ የሚወጣው የትኛው እንደሆነ አላውቅም። ደንቡ ቀጠሮ ሰጥቼ መሸኘት ነበር፤ ሁለታችሁንም ቀጥሬ ብሸኝ ግን የከተማው ሐሜት ቀድሞኝ ይመልሳል። ከፈቀዳችሁ አሁኑኑ ልጠይቃት።»

ፈቀዱ። ከሸረፈዲን ወገን ያሉት አዛውንት፣ «የልጃገረድ ፈቃዷ ዝምታዋ ነው፤ አታስጨንቋት» አሉ።

ጀማሉዲን ወደ መጋረጃው ዞሩ። «ዊዳድ።»

«ወይ አባዬ።»

«ሸረፈዲን ጠይቆሻል። ታውቂዋለሽ።»

መቀሱ አላቆመም። «አውቀዋለሁ። ጥሩ ሰው ነው፤ ክፉ አላየሁበትም። ግን አይሆንም አባዬ። ይቅር ይበለኝ።»

አዛውንቱ አቀርቅረው ጢማቸውን ዳሰሱ።

«ሙንዚርም ጠይቆሻል» አሉ ጀማሉዲን። «የቦሩ ሜዳው።»

መቀሱ ቆመ።

ሳሎኑ ጠበቀ። ጀማሉዲን፣ «ዊዳድ፣ ሙንዚር ነው ያልኩሽ» ብለው ደገሙ። ከመጋረጃው ወዲያ ምንም አልተሰማም። ሦስተኛ ጊዜ ጠየቁ፤ ያው ነው። ጁነይድ ወደ አባቱ ተጠግቶ፣ «እምቢ አለች እንዴ?» ሲል በሹክሹክታ ጠየቀ።

«ይችን ልጅ ሃያ አምስት ዓመት አሳድጌአታለሁ» አሉ ጀማሉዲን ወደ እንግዶቹ ተመልሰው። «ዝም ስትል ስሰማት የዛሬው የመጀመሪያዬ ነው።»

ለዱዓ ቀድመው እጃቸውን የዘረጉት የሸረፈዲን አዛውንት ናቸው። ሌሎቹ ተከተሉ። ሁሉም አሚን ብለው ፊታቸውን ሲዳብሱ፣ ከመጋረጃው ወዲያ መቀሱ ሥራውን ቀጠለ።